የሙከራ ደብተርና የልብ ወለድ አንባቢ፤ ስለ ምልከታና ስለ ፍርድ የቀረበ ሂስ

ከራስ መኮንን ድልድይ ወደ ስድስት ኪሎ በሚያወጣው አቅጣጫ የሚገኘው አፍንጮ በር ከአዲስ አበባ አሮጌ ሰፈሮች አንዱ ነው። በአንድ ወገን ከአራዳና ከፒያሳ፣ በሌላው ወገን ከዩኒቨርሲቲው ግቢ የማይርቅ በመሆኑ፣ ጧት ጧት ደብተሩን ይዞ ሽቅብና ቁልቁል የሚጓዘው ተማሪ ብዙ ነው። ከነዚህ ተማሪዎች የአንዱ ቦርሳ ቢከፈት ሁለት ነገሮች ጎን ለጎን ቢገኙ የሚያስገርም አይሆንም። አንደኛው የኬሚስትሪ የሙከራ ደብተር ነው። ሁለተኛው ከጎረቤት የተዋሰው፣ ሽፋኑ የተላጠ፣ ጠርዙ በብዙ እጅ የወዛ የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ነው።

ሁለቱን የሚያስተምሩት መምህራን የተለያዩ ናቸው። የኬሚስትሪው መምህር ስለ ልብ ወለዱ አይጠይቅም፤ የአማርኛው መምህርም የሙከራ ደብተሩን ገልጦ አያውቅም። እያንዳንዱ በየፊናው የሚያነሳው ቅሬታ ግን በጥሞና ለሚያዳምጥ ሰው አንድ ዓይነት ነው። ተማሪው መደምደሚያውን ያውቀዋል፤ ወደ መደምደሚያው ያደረሰውን መንገድ ሲጠየቅ ግን መልስ ያጥረዋል። ጉድለቱ በሁለቱም ትምህርት አንድ ከሆነ፣ መድኃኒቱንም በአንድ ላይ መፈለግ የሚገባ ይመስላል።

በተለመደው የሙከራ ዘገባ አጻጻፍ ዓላማ፣ መሣሪያ፣ አሠራር፣ ምልከታና መደምደሚያ የተባሉ ክፍሎች አሉ። ከነዚህ ውስጥ ምልከታ የተባለው ብቻ ከተማሪው ዓይንና እጅ በስተቀር ከሌላ ከየትም ሊመጣ አይገባውም። የቀሩትን ከመማሪያ መጽሐፉ መገልበጥ ይቻላል፤ ይገለበጣሉም። በተግባር የሚታየው ግን ምልከታውም አብሮ መገልበጡ ነው። ቤተ ሙከራ በሌለበት፣ ወይም ቤተ ሙከራው ኖሮ ኬሚካሉ ባለቀበት ትምህርት ቤት፣ ተማሪው ያላየውን ቀለም «አየሁ» ብሎ ይጽፋል። በ1997 ዓ.ም. ገደማ የተስፋፋው የሳተላይት ቴሌቪዥን ትምህርት ሙከራውን በመስኮት ለማሳየት አስችሎ ነበር። ነገር ግን በመስኮት የሚታይ ሙከራ ሁልጊዜ የተሳካ ነው፤ በመስኮት ላይ ቡሬት አይንጠባጠብም፣ የተማሪ እጅም አይንቀጠቀጥም።

አንድ ቀላል ምሳሌ ጉዳዩን ግልጽ ያደርገዋል። ተማሪው 25.0 ሚሊ ሊትር የሶድየም ሃይድሮክሳይድ ሙሙት በፒፔት ለክቶ በጠርሙስ ያስቀምጣል። ጥቂት ጠብታ ፌኖልፍታሊን ሲጨምርበት ሙሙቱ ሮዝ ይሆናል። ከዚያ እኩል ጥንካሬ ያለውን ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ከቡሬት እያንጠባጠበ ሮዝ ቀለሙ የሚጠፋበትን ቅጽበት ይጠባበቃል። በመጽሐፉ ስሌት መሠረት የሚያስፈልገው አሲድ 25.0 ሚሊ ሊትር ነው። ተማሪው ግን ቡሬቱን ሲያነብ 24.6 አገኘ እንበል። ጓደኛውን ያያል፤ ጓደኛው 25.0 ጽፏል። እሱም የራሱን ሰርዞ 25.0 ይጽፋል፤ ሙሉ ማርክም ያገኛል።

እዚህ ላይ የጠፋው ነገር 0.4 ሚሊ ሊትር ብቻ አይደለም። የሶድየም ሃይድሮክሳይድ ሙሙት ክዳኑ ተከፍቶ ሲቆይ ከአየር ካርቦን ዳይኦክሳይድን ይስባል፤ በዚህም ምክንያት ከፊሉ ወደ ካርቦኔት ይለወጣል፣ በፌኖልፍታሊን ሲለካም የሚፈልገው አሲድ ይቀንሳል። ስለዚህ 24.6 የሚለው ቁጥር የተማሪው ስሕተት ላይሆን ይችላል፤ ጠርሙሱ ከትናንት ጀምሮ ክፍት ማደሩን የሚናገር ምስክር ሊሆን ይችላል። ተማሪው ምስክሩን ከደብተሩ አስወጣው። መምህሩም ባለማወቅ ለዚሁ ሸለመው።

ከዚህ ተነሥቶ ወደ ሁለተኛው መጽሐፍ መሻገር ሩቅ አይደለም። «ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. ከታተመ ወዲህ እንደሱ በሰፊው የተነበበ የአማርኛ ልብ ወለድ ማግኘት ያስቸግራል። መጽሐፉን ያላነበበው ሰው እንኳ ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርከው ሰምቶታል፤ ሬዲዮ ባለው ቤት ዙሪያ ተሰብስበው ካዳመጡት መካከል ገጸ ባሕርያቱን እስከ ዛሬ በተራኪው ድምፅ የሚያስታውሱ አሉ። እንዲህ ባለ መጽሐፍ ላይ የአንባቢ አስተያየት አይታጣም። አስተያየቶቹ ሲሰበሰቡ ግን በጣት የሚቆጠሩ ሆነው ይገኛሉ።

በዘመነ ደርግ ለፈተና የሚጻፈው መልስ መጽሐፉ የፊውዳሉን ሥርዓት ያጋልጣል የሚል ነበር። ዛሬ ደግሞ ስለ እውነተኛ ፍቅር የተጻፈ መሆኑ ይነገራል። መጨረሻው አሳዛኝ ነው፤ ዕድል ነው፤ የሰብለና የበዛብህ ዕጣ እንዲያ ሆኖ ተጽፎ ነበር የሚሉም ብዙ ናቸው። ጉዱ ካሳ ደራሲው ራሳቸው ናቸው ይባላል። በመጨረሻም መጽሐፉ ረዝሟል፣ የዘርና የማዕረግ ነገር ተንዛዝቶበታል የሚል ቅሬታ ይሰማል። ከነዚህ አስተያየቶች ውስጥ ፈጽሞ ሐሰት ነው የሚባል የለም። ሆኖም ሁሉም መደምደሚያዎች ናቸው። ከየትኛው ምዕራፍ፣ ከማን ድርጊት፣ ከምን ሁኔታ ተነሥቶ እንደተደመደመ የሚናገር አስተያየት እምብዛም አይገኝም። የዘመነ ደርጉ ተማሪና የዛሬው ተማሪ ተቃራኒ መልስ ቢሰጡም፣ ሁለቱም 25.0 ጽፈዋል።

በመጽሐፉ ውስጥ በእርግጥ የሚታየው ምንድን ነው? የፊታውራሪ መሸሻ ቤት ነው። ይህ ቤት ትውልድ የሚቆጥር፣ በዘሩ የሚመካ፣ ከገበሬው ግብር የሚኖር የዲማ ባላባት ቤት ነው። ሰብለ ወንጌልን ለጋብቻ የሚጠይቅ ሁሉ በዘሩ ይመዘናል፤ የሚመጥን ሲጠፋም ልጅቱ ዕድሜዋ እየገፋ በአባቷ ቤት ትቀመጣለች። በሌላ ወገን የመንኩሳው ገበሬ የቦጋለ መብራቱ ቤት አለ። ልጁ በዛብህ በስዕለት ለቤተ ክርስቲያን የተሰጠ ነው። ፊደል ቆጥሮ፣ ቅኔ ተምሮ፣ ወደ ፊታውራሪው ቤት የሚገባው በመምህርነት ነው። ሁለቱን ሰዎች አንድ ክፍል ውስጥ ያገናኛቸው ትምህርት መሆኑን፣ ያለያያቸው ደግሞ የአንደኛው ዘርና የሌላው ስዕለት መሆኑን አንባቢ ልብ ካላለ፣ «ዕድል ነው» ከማለት ሌላ የሚለው አይኖረውም። ዕድል የሚለው ቃል ምክንያቱ ያልተመዘገበ ውጤት ስም ነው።

ከኬሚስትሪው ደብተር አንድ ገጽ እዚህ ላይ ሊጠቅም ይችላል። በፔሪዮዲክ ሠንጠረዡ የቀኝ ጠርዝ የተደረደሩት ጋዞች፣ ማለትም ሄሊየም፣ ኒዮን፣ አርጎን፣ ክሪፕቶን፣ ዜኖንና ራዶን፣ ኖብል ጋዞች ይባላሉ። ኖብል ማለት ባላባት፣ መኳንንት ማለት ነው። ስሙ የተሰጣቸው ከሌላው ንጥረ ነገር ጋር በቀላሉ ስለማይዋሐዱ ነው። አርጎን የሚለው ስም ደግሞ ከግሪክኛ የመጣ ሲሆን ትርጉሙ ሥራ ፈት ማለት ነው። የአፍንጮ በሩ ተማሪ ሁለቱን መጻሕፍት በአንድ ቦርሳ ተሸክሞ፣ ከማንም ጋር የማይዋሐደውን የባላባት ጋዝና ከማንም ጋር የማይጋባውን የባላባት ቤት ሳያገናኝ ወደ ፈተናው ይሄዳል። ይህን እንዲያገናኝ የጠየቀው ሰው የለምና አይወቀስበትም።

የአርጎን አገኛኘት ታሪክም ለአንባቢ የሚሆን ትምህርት አለው። እንግሊዛዊው ሊቅ ሎርድ ሬይሊ ናይትሮጅንን ሲመዝኑ፣ ከአየር የተገኘው አንድ ሊትር 1.2572 ግራም፣ ከኬሚካል ውሁዶች የተገኘው ደግሞ 1.2505 ግራም ሆኖ አገኙት። ልዩነቱ ከመቶ አንድ እጅ እንኳ አይሞላም። ሬይሊ ግን ቁጥሩን አልሰረዙም። ምክንያቱን ከዊልያም ራምዚ ጋር ፈልገው እ.ኤ.አ. በ1894 በአየር ውስጥ እስከዚያ ያልታወቀ ጋዝ መኖሩን አሳዩ። ከአየር መቶ እጅ አንድ እጅ ያህሉ አርጎን ነው፤ ሰው ሁሉ ሲተነፍሰው ኖሯል። ከዚያ መቶ ዓመት ያህል ቀደም ብሎ፣ እ.ኤ.አ. በ1785፣ ሄንሪ ካቨንዲሽ በሙከራቸው መጨረሻ አልዋሐድ ብላ የቀረች ትንሽ የአየር ፊኛ ማየታቸውን ጽፈው ትተው ነበር። ምን እንደሆነች አላወቁም፤ ማየታቸውን ግን ጻፉ።

በልብ ወለዱ ውስጥ ከስሌቱ ውጭ የሚቀረው ሰው ካሳ ዳምጤ ነው። የፊታውራሪው ቤት ዘመድ ነው፤ ሆኖም የቤቱን ሥርዓት ይነቅፋል። አካባቢው ይህን ልዩነት የሚመዘግብበት መንገድ ስላልነበረው «ጉዱ» ብሎ ሰየመው። እብድ ማለት ቁጥሩን መሰረዝ ነው። አንባቢም በተራው «ደራሲው ራሳቸው ናቸው» ሲል በሌላ መንገድ ይሰርዘዋል። ምክንያቱም ገጸ ባሕርዩ የደራሲው አፍ ብቻ ከሆነ፣ እንዲህ ያለ ሰው ከዚያው ቤት እንዴት ሊወጣ ቻለ የሚለው ጥያቄ ይቀራል። ከመሸሻ ዘር መሸሻን የሚቃወም ሰው መገኘቱ ግን የመጽሐፉ ዋና ማስረጃ ነው። ቤቱ ራሱ የሚያምንበትን ያህል አንድ ወጥ እንዳልነበረ ያሳያል። ፊታውራሪው ከልማድ ውጭ በጠየቁት ግብር ምክንያት ገበሬው በአበጀ በለው መሪነት ሲነሣባቸው፣ አንባቢ ነገሩን እንደ ድንገተኛ አደጋ የሚያየው የካሳን ንግግር እንደ እብድ ወሬ አልፎት ስለመጣ ነው።

የኖብል ጋዞች ነገር በዚህ አላበቃም። ለብዙ አሠርት ዓመታት መማሪያ መጻሕፍት እነዚህ ጋዞች ፈጽሞ አይዋሐዱም ብለው ሲያስተምሩ ቆይተዋል። እ.ኤ.አ. በ1962 በካናዳ ያስተምር የነበረው ኒል ባርትሌት ፕላቲኒየም ሄክሳፍሎራይድ የተባለው ኃይለኛ ጋዝ ከኦክስጅን ሞሎኪውል ኤሌክትሮን መንጠቅ እንደቻለ አየ። ከኦክስጅን ሞሎኪውል ኤሌክትሮን ለማውጣት የሚያስፈልገው ጉልበትና ከዜኖን ለማውጣት የሚያስፈልገው የሚቀራረቡ መሆናቸውን አስተዋለ። ሁለቱን ጋዞች ሲያገናኛቸው ወዲያውኑ ብጫ ብርቱካናማ ጠጣር ነገር ሆኑ። «አይዋሐድም» የተባለው ዜኖን ተዋሐደ። ይህ ከሆነ ከጥቂት ዓመታት በኋላ «ፍቅር እስከ መቃብር» ለአንባቢ ቀረበ። መገጣጠሙ ምንም ማለት አይደለም፤ ትምህርቱ ግን ተቀራራቢ ነው። «አይዋሐድም» የሚለው ፍርድ «በምን ሁኔታ?» የሚል ጥያቄ ሳይከተለው ከተጠና፣ ተማሪው የሚይዘው የሕግን ቅርፊት ነው። የሰብለና የበዛብህ ነገር በምን ሁኔታ ሊሆን ይችል ነበር ብሎ የሚጠይቅ አንባቢ ስለ ጎጃም የርስት፣ የጉልትና የስዕለት ሥርዓት ማወቅ ይገደዳል። «ዕድል ነው» የሚለው አንባቢ ግን ማንንም መጠየቅ አያስፈልገውም።

እዚህ ላይ ማስጠንቀቂያ ያስፈልጋል። ሰው ጋዝ አይደለም፤ ቤተሰብም ጠርሙስ አይደለም። ኬሚስትሪን ወደ ልብ ወለድ የማስገባቱ ሙከራ አዲስ ካለመሆኑም በላይ ሁልጊዜ የተሳካ አልነበረም። ጀርመናዊው ጎተ እ.ኤ.አ. በ1809 ባሳተመው ልብ ወለድ የአራት ሰዎችን ፍቅርና መለያየት፣ ንጥረ ነገሮች ተመራርጠው ይዛመዳሉ ከሚለው የዘመኑ የኬሚስትሪ ሐሳብ ጋር አስተያይቷል። ፈረንሳዊው ኤሚል ዞላ ደግሞ ከ1871 እስከ 1893 እ.ኤ.አ. በ20 ቅጾች የአንድን ቤተሰብ ትውልዶች ሲተርክ፣ ልብ ወለድ እንደ ቤተ ሙከራ ሙከራ ሊሆን ይችላል ብሎ ተከራክሯል። የዞላ ክርክር ደካማ ጎኑ ግልጽ ነው፤ ደራሲ የሙከራውን ውጤት ራሱ ይጽፈዋል፣ ቡሬቱም እሱን ሊያስደንቀው አይችልም። ከሁሉ የተሻለው ምሳሌ የኢጣሊያዊው ኬሚስት የፕሪሞ ሌቪ መጽሐፍ ነው። እ.ኤ.አ. በ1975 የታተመው ይህ መጽሐፍ 21 ምዕራፎች አሉት፤ እያንዳንዱም በአንድ ንጥረ ነገር ስም ተሰይሟል። የመጀመሪያው «አርጎን» ሲሆን የሚተርከውም ስለ ደራሲው አያት ቅድመ አያቶች ነው። ሌቪ አባቶቹን ከሥራ ፈቱ ጋዝ ጋር ካነጻጸረ በኋላ ግን፣ እንጀራቸውን ለማግኘት ይደክሙ እንደነበር ጨምሮ ንጽጽሩን ራሱ ያርመዋል። ምሳሌውን አምጥቶ፣ ምሳሌው የማይገጥምበትንም ቦታ ማሳየት የጥሩ ኬሚስትም የጥሩ ደራሲም ጠባይ ነው። ፊታውራሪ መሸሻም ቢሆኑ አርጎን አይደሉም፤ አርጎን ግብር አያስከፍልም።

ስለ መጽሐፉ ርዝመት የሚነሣው ቅሬታ ለብቻው ሊታይ ይገባል። በጥብቅ አነጋገር «ፍቅር እስከ መቃብር» የብዙ ትውልድ የቤተሰብ ታሪክ አይደለም። የአማርኛ ታሪካዊ ልብ ወለድ በአብዛኛው ቤተሰብን ሳይሆን አንድን ታላቅ ሰው መከተል ይወዳል፤ የብርሃኑ ዘሪሁን «የቴዎድሮስ ዕንባ» እና የአቤ ጉበኛ «አንድ ለናቱ» ሁለቱም ወደ አፄ ቴዎድሮስ የሚያመሩት በዚህ ምክንያት ይመስላል። ሐዲስ ዓለማየሁ ግን ታላቅ ሰው አልመረጡም። ቤት መረጡ። የቀደሙት ትውልዶች በመድረኩ ላይ ባይታዩም በዘር ቆጠራው ውስጥ ይናገራሉ፤ በየጋብቻ ጥያቄው ሙታን ድምፅ ይሰጣሉ። ወጣቱ አንባቢ «ተንዛዛ» ብሎ የሚዘላቸው ገጾች የፊታውራሪው ቤት የተመሠረተባቸው ገጾች ናቸው። እነሱን ዘልሎ ወደ ፍቅሩ የሚሮጥ አንባቢ አሠራሩን ሳያነብ ውጤቱን የሚጽፍ ተማሪን ይመስላል። ይህን ስንል ግን መጽሐፉ አንድም ትርፍ ገጽ የለውም ማለት አይደለም፤ አለው። ትርፉን ከሚያስፈልገው ለመለየት ግን መጀመሪያ መነበብ አለበት።

የቋንቋው ጉዳይም አለ። ተማሪው ልብ ወለዱን በአማርኛ ያነባል፤ የኬሚስትሪውን ዘገባ በእንግሊዝኛ ይጽፋል። በአማርኛ ወይን ጠጅ፣ ዳማ፣ ጠይም፣ አመድማ፣ ቀላ ያለ፣ ደብዘዝ ያለ እያለ ቀለም መለየት የሚችል ልጅ፣ በእንግሊዝኛ «ቀለሙ ተለወጠ» ከሚል አንድ ዐረፍተ ነገር አያልፍም። ዓይኑ አይቷል፤ ያየውን የሚያስቀምጥበት ቃል ግን በዚያ ደብተር ላይ አልተፈቀደለትም። በ2014 ዓ.ም. የትምህርት ዘመን የ12ኛ ክፍል አገር አቀፍ ፈተና ከወሰዱት ውስጥ 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 ከመቶ ብቻ፣ በተከታዩ ዓመት ደግሞ 3.2 ከመቶ ብቻ መሆናቸው ይታወቃል። የዚህ ውጤት ምክንያት ብዙ ነውና ሁሉንም በቋንቋ ወይም በምልከታ ጉድለት ላይ መጫን ራሱ ያለ ማስረጃ መደምደም ይሆናል። ይሁን እንጂ የመልስ ፊደል ከማጥቆር በፊት ያየውን በራሱ ቃል መጻፍ የለመደ ተማሪ በዚህ ልማዱ የሚጎዳ አይመስልም።

ለዚህ የሚሆን ሥራ ብዙ ወጪ አይጠይቅም። የአማርኛውና የኬሚስትሪው መምህራን በአንድ መንፈቅ አንድ ክፍለ ጊዜ ቢጋሩና ተማሪው ገጹን በመስመር ለሁለት ከፍሎ በስተግራ ያየውን፣ በስተቀኝ የፈረደውን ቢጽፍ ይበቃል። ለልብ ወለዱ፣ ስለ ጉዱ ካሳ የተሰጠ ማንኛውም ፍርድ በስተግራው አንድ ድርጊትና አንድ ምዕራፍ ይኑረው። ለኬሚስትሪው፣ ፌኖልፍታሊን በሌለበት ከገበያ የሚገዛ ከርከዴ በሙቅ ውሃ ይዘፈዘፍ። ቀዩ ውሃ በሁለት ብርጭቆ ይቀዳና በአንደኛው የተጣራ የአመድ ውሃ፣ በሌላው ሎሚ ይጨመር። በሎሚው ውስጥ ቅላቱ ይደምቃል፤ በአመዱ ውስጥ ወደ አረንጓዴ ይሄዳል። ከዚያ በአረንጓዴው ላይ ሎሚው ጠብ ጠብ ሲደረግበት ወደ ቀይ ከመመለሱ በፊት በመካከል የሚያሳየው ቀለም አለ። ይህ ቀለም እንደ አመዱ ዓይነትና እንደ ከርከዴው ብዛት ከብርጭቆ ብርጭቆ ስለሚለያይ፣ ተማሪው የጓደኛውን ደብተር አይቶ ሊሞላው አይችልም፤ ምን እንደሚባል ከብርጭቆው ፊት ቆሞ፣ በሚያውቀው ቋንቋ፣ ራሱ መወሰን ይኖርበታል።